ኢንቾን 1950፦ የባሕሩን ሙላት የቆጠሩ ሰዎች

ብራና (ክሩን የከፈተው)

ሰላም ለሁላችሁ ይሁን። ሰሞኑን ስለ ኮሪያ ጦርነት ያገኘሁትን ሁሉ ሳነብ አንድ ነገር ልቤን ስለከነከነው ወደዚህ አምጥቼዋለሁ። የኢንቾን ዘመቻ በየቦታው የሚተረከው እንደ አንድ ሰው ታሪክ ነው፤ የአሜሪካና የተባበሩት መንግሥታት ጦር አዛዥ የነበረው ጄኔራል ማክአርተር ሐሳቡን አመነጨ፣ ሁሉም ተቃወሙት፣ እርሱ ጸና፣ አሸነፈ። እኔ ግን ባነበብሁ ቁጥር እያደር የተረዳሁት፣ የዚያን ቀን ድል የውሃ ከፍታ ሲቆጥሩ ያደሩ፣ ስማቸውን ማንም የማያነሣው የባሕር ኃይል መኮንኖች ሥራ መሆኑን ነው።

ሁኔታውን ለማያስታውስ ሰው ባጭሩ ላስቀምጠው። የሰሜን ኮሪያ ጦር እ.ኤ.አ. ጁን 25 ቀን 1950 ድንበር ጥሶ ገባና በሦስት ቀን ውስጥ ሶልን ያዘ። ኦገስት ላይ የደቡብ ኮሪያና የአሜሪካ ወታደሮች በደቡብ ምሥራቁ ጥግ፣ በቡሳን ዙሪያ፣ ጀርባቸውን ለባሕር ሰጥተው ይዋደቁ ነበር። የማክአርተር ሐሳብ በእኛ ወታደሮች ቋንቋ ቆረጣ ነው። ቡሳን ላይ ፊት ለፊት ከመግፋት ይልቅ ከጠላት ጀርባ፣ ለሶል ቅርብ በሆነው በኢንቾን ወደብ ወርዶ፣ የጠላት ስንቅና ትጥቅ የሚያልፍበትን የመንገድና የባቡር መገናኛ መቁረጥ።

ችግሩ ኢንቾን ራሱ ነበር። በዚያ ባሕር ውሃው በሙላትና በጉድለት መካከል ወደ 10 ሜትር በሚጠጋ ልዩነት ይወጣል፣ ይወርዳል፤ የሦስት ፎቅ ቤት ቁመት ማለት ነው። ውሃው ሲሸሽ የሚቀረው አረንቋ ነው፤ የረገጠውን ሰው እስከ ወገቡ ይውጠዋል። ወደ ወደቡ የሚያስገባው የመርከብ መተላለፊያ ጠባብና ጠመዝማዛ ስለሆነ አንድ መርከብ መካከሉ ላይ ቢመታ የቀሩት መፈናፈኛ ያጣሉ። ወታደሩ የሚወጣበት ዳርቻ ደግሞ አሸዋ የለውም፤ የድንጋይ ግንብ ነው፣ ከግንቡ ጀርባ ወዲያው ከተማ ይጀምራል።

ታንክና ጥይት የሚያወርዱት ትልልቅ መርከቦች ዳር ለመድረስ 9 ሜትር ያህል ጥልቀት ይፈልጋሉ። ያን ያህል ውሃ የሚገኘው በወር ውስጥ በጣት በሚቆጠሩ ቀናት፣ በእነዚያም ቀናት ለሦስት ሰዓት ያህል ነው። ስለዚህ ቀኑን የመረጠው የውሃው ሰሌዳ ነው፦ መስከረም 5 ቀን 1943 ዓ.ም.፣ በፈረንጆቹ ሴፕቴምበር 15 ቀን 1950። ያ ቢያልፍ እስከ ኦክቶበር 11 ድረስ መጠበቅ ግድ ነበር። በዚያ ቀን ሙላቱ ጫፍ የሚደርሰው ከጠዋቱ 12 ሰዓት ከ59 ደቂቃ፣ ከዚያም ከምሽቱ 1 ሰዓት ከ19 ደቂቃ ላይ ነው። የ260 መርከቦችና የ70 ሺህ ሰው ጉዞ በሙሉ ከእነዚህ ሁለት ቅጽበቶች ወደ ኋላ እየተቆጠረ ተሠራ።

እናንተስ እንዴት ታዩታላችሁ?

ሚዛን

ወንድሜ ብራና፣ ጽሑፍህን ወደድሁት፤ በመደምደሚያህ ግን አልስማማም።

የቆጠሩት ሰዎች ቆጥረው ምን አሉ? ኦገስት 23 ቀን ቶኪዮ ላይ ትልቁ ስብሰባ ሲካሄድ የምድር ጦሩ አለቃ ጄኔራል ኮሊንስና የባሕር ኃይሉ አለቃ አድሚራል ሸርማን ከዋሽንግተን መጥተው ተቀምጠዋል። የማረፊያ መርከቦቹ አዛዥ የአድሚራል ዶይል መኮንኖች ከአንድ ሰዓት በላይ ተራ በተራ እየተነሡ የውሃውን፣ የጭቃውን፣ የግንቡን፣ የመተላለፊያውን ጣጣ ዘረዘሩ። በመጨረሻ ዶይል ራሱ ሊል የቻለው ትልቁ ነገር ኢንቾን ፈጽሞ የማይቻል አይደለም የሚል ነበር። ኮሊንስ ወደ ደቡብ ወረድ ብሎ ኩንሳን ላይ ማረፍ ይሻላል ይል ነበር። በዚያ ክፍል ውስጥ ቁጥሩ በሙሉ ወደ እንቢታ ያዘነብል ነበር።

ያን ጊዜ ማክአርተር ተነሥቶ ለሦስት ሩብ ሰዓት ያህል ተናገረ። መከራከሪያው ቀላል ነበር፤ እናንተ የዘረዘራችሁት እንቅፋት ሁሉ የጠላት አዛዥም ያየዋል፣ ስለዚህም በዚህ በኩል ይመጣሉ ብሎ አይጠብቀንም። ኩንሳን ብናርፍ ቀላል ይሆናል፣ የሚቆረጥ መንገድ ግን የለም። ከአምስት ቀን በኋላ ከዋሽንግተን ፈቃድ መጣ። ለመሆኑ ውሳኔውን በራሱ ላይ የሚወስድ ሰው ባይኖር ያ የውሃ ሰሌዳ ከመሳቢያ ይወጣ ነበርን?

ቀይባሕር

ልጆቼ፣ ውይይታችሁን ሳነብ አመሸሁ። እኔ በወጣትነቴ ምጽዋ ላይ በቀድሞው ባሕር ኃይል ያገለገልሁ ሰው ነኝ፤ ስለ መርከብ ሲነሣ ዝም ብዬ ማለፍ አልችልም።

ምጽዋ ላይ የውሃው መውጣትና መውረድ አንድ ሜትር ገደማ ነው። እኛ ያንኑ አንድ ሜትር እንኳ ሳንጽፍ ጀልባ አናስጠጋም ነበር። ሰሌዳው ላይ በእርሳስ ምልክት እያደረግን፣ ገመድ በየሰዓቱ እያላላንና እያጠበቅን። አሥር ሜትር ሲባል ልቤ ይርዳል። መርከብ ዳር አስጠግታችሁ ጭነት ስታወርዱ ውሃው ከሥራችሁ እየወጣ እንደሆነ አስቡት። ከሦስት ሰዓት በኋላ መርከባችሁ መርከብነቷ ቀርቶ ጭቃ ላይ የተቀመጠች የብረት ቤት ትሆናለች። መሸሽ የለም፤ የጠላት መድፍ ካገኛት እዚያው ናት።

ለዚህ ነው ዘመቻው ሁለት ቦታ የተከፈለው። ከወደቡ ፊት ወልሚዶ የምትባል ደሴት አለች፤ ከከተማዋ ጋር በግንብ መንገድ የተያያዘች። እርሷ ሳትያዝ ከተማዋን መንካት አይቻልም፣ ምክንያቱም መድፉ ያለው እርሷ ላይ ነው። ስለዚህ በጠዋቱ ሙላት ከ12 ሰዓት ከ33 ጀምሮ አንድ የማሪን (ከባሕር ወደ ምድር ወርዶ የሚዋጋ የአሜሪካ ጦር) ሻለቃ ከታንኮች ጋር ወልሚዶ ላይ ወረደ። ሁለት ሰዓት ሳይሞላ ደሴቷን ያዘ፤ ከእርሱ ወገን 17 ሰው ቆሰለ እንጂ የሞተ አልነበረም። ከዚያ ባሕሩ ሸሸ። መርከቦቹም አብረው ራቁ። ያ ሻለቃ እስከ ምሽት ድረስ ዙሪያውን አረንቋ ተከቦ፣ ፊት ለፊቱ የጠላት ከተማ እያየ ብቻውን ዋለ። የሚረዳው ከሩቅ የሚተኮስ የመርከብ መድፍና ከላይ የሚበር አውሮፕላን ነበር። እኔ በዚህ ዘመቻ ውስጥ ከሁሉም ይልቅ የሚያሳዝነኝም የሚያስደንቀኝም ያ ቀን ነው። የተቀሩት ሁለት ሬጅመንቶች ወደ ከተማዋ ግንብ የተጠጉት ከምሽቱ 11 ሰዓት ተኩል ላይ ነው፤ ከጀልባ አፍንጫ ላይ መሰላል አስደግፈው ግንቡን ወጡ።

ሌላም ሰው አለ፣ ስሙ ሊነሣ ይገባዋል፤ ሌተናንት ዩጂን ክላርክ። ሴፕቴምበር 1 ቀን ከሁለት ኮሪያውያን መኮንኖች ጋር በወደቡ አቅራቢያ ዮንግሁንግዶ የምትባል ደሴት ላይ ወረደ። በየሌሊቱ እየወጣ ጭቃውን ረገጠው፣ የግንቡን ቁመት ለካው፣ የደሴቷን ወጣቶች አሰማርቶ መድፍ ያለበትን አስቆጠረ። የአሜሪካኖቹና የጃፓኖቹ የውሃ ሰሌዳ አይገጣጠሙም ነበርና የትኛው ልክ እንደሆነ አይቶ የጃፓኖቹ ትክክል መሆኑን ላከላቸው። በመጨረሻው ሌሊት ፓልሚዶ ላይ ያለውን የመርከብ መብራት ማማ አበራላቸው፤ ያ ሁሉ መርከብ በዚያ ጠባብ መተላለፊያ በጨለማ የገባው እርሱን እያየ ነው።

ፊደል

ጋሼ ቀይባሕር፣ እግዚአብሔር ዕድሜ ይስጥልን፤ እንዲህ ተብራርቶ አንብቤ አላውቅም። ጥያቄ አለኝ፤ ያን ያህል መርከብ ከጃፓን ወደቦች ሲነሣ ጠላት እንዴት ሳይሰማ ቀረ?

ብራና

ፊደል፣ እንዲያውም ያልሰማ አልነበረም ማለት ይቀላል። ቶኪዮ ያሉ ጋዜጠኞች ዘመቻውን «ሁሉም የሚያውቀው ዘመቻ» እያሉ ይጠሩት ነበር። ቻይናም ውስጥ ሌይ ዪንግፉ የተባለ መኮንን የጃፓንን ወደቦች እንቅስቃሴና የኮሪያን ካርታ አመሳክሮ ኢንቾን ሊሆን ይችላል ብሎ ለአለቆቹ አቀረበ፤ ማኦም ለኪም ኢል ሱንግ ማስጠንቀቂያ እንዲደርሰው አደረገ። ኪም አልተቀበለውም። ጦሩን በሙሉ ቡሳን ላይ ስለተከለ ለኢንቾን የተረፈው 2 ሺህ ያህል ሰው ነበር።

ማዘናጊያም ተሠርቷል። ኩንሳን በአውሮፕላን ተደበደበች፣ በምሥራቁ ጠረፍ ደግሞ ሚዙሪ የተባለችው የጦር መርከብ ሳምቾክን ደበደበች። ከማረፊያው ሁለት ቀን በፊት ሴፕቴምበር 13 ቀን አጥፊ መርከቦች ወደ ወልሚዶ ተጠግተው መልሕቅ ጣሉ። የገቡት ሆን ብለው ለመመታት ነው፤ የተደበቀው መድፍ ሲተኩስ ቦታው እንዲታወቅ። ተተኮሰባቸው፣ ሰውም ሞተባቸው፣ መድፎቹ ግን ተገለጡ። በዚያው ቀን ውሃው ዝቅ ብሎ ስለነበር የተጠመዱ የባሕር ፈንጂዎች ከውሃው በላይ ታዩ፤ በጥይት እየመቱ አፈነዷቸው። በሙላት ሰዓት ገብተው ቢሆን አያዩአቸውም ነበር።

ሐንወንዝ

ከሶል ነው የምጽፈው፤ ለትምህርት ከመጣሁ አራት ዓመት ሆነኝ። ወልሚዶ አሁን ከሶል በባቡር የሚደረስባት የመዝናኛ ቦታ ናት፤ ልጆች የሚጫወቱባት፣ ዓሣ የሚበላባት። ባለፈው ዓመት ከጓደኞቼ ጋር ሄጄ ከረፋዱ እስከ ማታ ዳር ላይ ተቀምጬ ውሃውን ሳይ ዋልሁ። ጋሼ ቀይባሕር የጻፉትን በዓይኔ አይቻለሁ። ስንደርስ ባሕሩ ከግንቡ ሥር ነበር፤ ምሳ በልተን ስንመለስ ጀልባዎች በጭቃ ላይ በጎናቸው ተጋድመው ነበር።

ነገር ግን አንድ ነገር ሳልናገር ካለፍሁ ሕሊናዬ አይፈቅድልኝም። ደሴቷ ላይ ሰው ይኖር ነበር፤ ዓሣ አጥማጆችና ቤተሰቦቻቸው። ከማረፊያው አምስት ቀን በፊት፣ ሴፕቴምበር 10 ቀን፣ አውሮፕላኖች ደሴቷን በናፓልም አቃጠሏት፤ ዓላማው መድፎቹን የሚሸፍነውን ዛፍና ቤት ማስወገድ ነበር። በ2008 የደቡብ ኮሪያ የእውነትና የእርቅ ኮሚሽን ጉዳዩን መርምሮ ወደ 100 የሚጠጉ ነዋሪዎች እንደሞቱ አረጋገጠ። የተረፉት ወደ መንደራቸው አልተመለሱም፤ መሬቱ መጀመሪያ የጦር ሰፈር ኋላም መናፈሻ ሆነ። በወልሚዶ የሞተ አልነበረም የሚለውን ዐረፍተ ነገር ስናነብ የማን ሞት እንደተቆጠረ እንጠይቅ። ጋሼ፣ ይህን የምለው እርስዎን ለመንቀፍ አይደለም።

ቀይባሕር

ልጄ ሐንወንዝ፣ ልክ ነሽ። እኔ የጻፍሁት መኮንኖች ሪፖርት በሚያደርጉበት መንገድ ነው፤ ያደግሁበት ነውና። ያንቺ እዚያው ከእኔ ጽሑፍ ጋር መነበብ አለበት።

ሚዛን

ሐንወንዝ እህቴ፣ አመሰግናለሁ፤ ይህን አላውቅም ነበር።

ወደ ክርክሩ ስመለስ ለብራና አንድ ነገር ልተውለት። ስለ ዝግጅቱ ጊዜ ሳስብ ነው ሐሳቤ የተናወጠው። ለኖርማንዲ ማረፍ የተለየ የዕቅድ ጽሕፈት ቤት የተቋቋመው በፈረንጆቹ 1943 መጀመሪያ ነው፤ ወታደሩ የባሕር ዳርቻውን የረገጠው ጁን 6 ቀን 1944። ከአንድ ዓመት በላይ ልምምድ፣ ፎቶግራፍ፣ የአሸዋ ናሙና ሳይቀር ተወስዷል። ለኢንቾን ከቶኪዮው ስብሰባ እስከ ማረፊያው ድረስ የነበረው 23 ቀን ነው። የ1ኛው የማሪን ክፍለ ጦር ከተጠባባቂ ጦር ተለቃቅሞ ነው የተሟላው። አንደኛው ሬጅመንቱ ቡሳን ላይ እየተዋጋ ስለነበር ሴፕቴምበር መጀመሪያ ላይ ከጦር ሜዳ ተነቅሎ መርከብ ላይ ተሳፈረ፤ የቡሳኑ ግንባር አዛዥ ጄኔራል ዎከር ግንባሬን ታሳሱብኛላችሁ ብሎ ተከራክሯል። ታንክ ከሚያወርዱት መርከቦች አብዛኞቹን የሚነዱት ከአምስት ዓመት በፊት የአሜሪካ ጠላት የነበሩ ጃፓናውያን ናቸው። በዚህ ላይ አንድ አውሎ ነፋስ ኮቤ ወደብ ላይ ጭነቱን አተራመሰው፣ ሌላው ደግሞ መንገዳቸው ላይ እየመጣ ነበር። ዶይል ማዕበሉ ሳይቀድመው ከቀጠሮው ቀን አስቀድሞ ተነሣ።

ያ ሁሉ በ23 ቀን የተቻለው የዶይልና የሠራተኞቹ እጅ ከዚህ በፊት በፓሲፊክ ደሴቶች ሥራውን ስለለመደ ይመስለኛል። በዚህ በኩል ብራና ልክ ነው። ውሳኔው ግን አሁንም የአንድ ሰው ነው እላለሁ።

የቃኘው የልጅ ልጅ

እኔ ዘወትር አንባቢ ነኝ፤ ዛሬ መጻፍ ግድ ሆነብኝ። አያቴ በመጀመሪያው ቃኘው ሻለቃ ኮሪያ የዘመተ ወታደር ነበር። ሻለቃው በ1951 ከጅቡቲ በመርከብ ተነሥቶ ሜይ ላይ ቡሳን ሲደርስ የተመደበው ከአሜሪካው 7ኛ ክፍለ ጦር 32ኛው ሬጅመንት ጋር ነው። ይህ ሬጅመንት ከስምንት ወር በፊት ኢንቾን ላይ የወረደው ነው፤ ማሪኖቹ በሩን ከከፈቱ በኋላ ሴፕቴምበር 18 ቀን መውረድ ጀመረ፣ ሴፕቴምበር 25 ቀን የሐንን ወንዝ ተሻግሮ ሶል መካከል ያለውን የናምሳን ተራራ ያዘ።

የ7ኛው ክፍለ ጦር ነገር ሁልጊዜ ልቤን ይነካኛል። ከመዝመቱ በፊት ሰዎቹ ለቡሳን ግንባር ተወስደው ስለነበር ክፍተቱን የሞሉት ከ8 ሺህ በላይ ኮሪያውያን ናቸው፤ ብዙዎቹ ከስደተኛው መካከል የተወሰዱ፣ ቋንቋውን የማያውቁ፣ ጠመንጃ ይዘው የማያውቁ ልጆች። በጥቂት ሳምንት ሥልጠና ወደ መርከብ ወጡ። አያቴ እዚያ ሲደርስ አሁንም በየጓዱ ኮሪያውያን ነበሩ፤ እንጀራ አይነት ነገር የለም እያለ ሲያዝን ሩዝ አቀቃቀል ያስተማረው አንዱ ኮሪያዊ ጓዱ እንደነበር ደጋግሞ ይነግረን ነበር። ኢንቾንን ከአሜሪካኖቹ ነባሮች አፍ ሰምቶ ሲተርክልን ስለ ጦርነቱ ብዙም አይናገርም፤ ባሕሩ ጠፍቶ ባሕሩ ሲመለስ ማለትን ይወድ ነበር። እኛ ልጆች ተረት ይመስለን ነበር። ዛሬ ጋሼ ቀይባሕር የጻፉትን ሳነብ አለቀስሁ።

ቀይባሕር

አያትሽን ነፍስ ይማር። የቃኘውን ስም ያወጡለት ንጉሠ ነገሥቱ ናቸው፤ ቃኘው የአባታቸው የራስ መኰንን ፈረስ ስም ነበር። እኛ ባሕር ኃይል ውስጥ የነበርን በሙሉ በእነርሱ እንኮራ ነበር።

አሁን የዚህን ታሪክ ሌላውን ገጽ ልጨምር፤ ሚዛን የሚለው ውሳኔና ብራና የሚለው ቆጠራ ሲለያዩ ምን እንደሚሆን ይታይበታል። ሶል ሴፕቴምበር መጨረሻ ላይ ከተያዘች በኋላ ማክአርተር ያንኑ ጦር መልሶ በመርከብ ጭኖ ባሕረ ገብ መሬቱን ዙሮ በምሥራቅ ጠረፍ ወንሳን ላይ እንዲያወርደው አዘዘ። ኢንቾን ወደብ ጭነት በሚገባበት ሰዓት ጦር ሊወጣበት ተጨናነቀ። በዚያ ላይ የደቡብ ኮሪያ ወታደሮች በእግራቸው ገስግሰው ኦክቶበር 10 ቀን ወንሳን ገቡ። ማሪኖቹ በባሕር ሲደርሱ ወደቡ 3 ሺህ ያህል ፈንጂ ተጠምዶበት ነበር። ፈንጂ ጠራጊ መርከቦች በቂ አልነበሩም፤ ፓይሬትና ፕሌጅ የተባሉት ሁለቱ በአንድ ቀን ሰመጡ። ያ ሁሉ ጦር ፈንጂው እስኪጠረግ ባሕር ላይ ወደ ላይና ወደ ታች ሲመላለስ ከርሞ መሬት የረገጠው ኦክቶበር 26 ቀን ነው። ኢንቾን ላይ ፈንጂውን ጉድለቱ አሳያቸው፤ ወንሳን ላይ ውሃው እንዲህ አይሸሽም። ማንም አስቀድሞ ሄዶ ጭቃ የሚረግጥ ክላርክ አልተላከም።

ሚዛን

ጋሼ፣ ይህን አልከራከርም። ከኢንቾን በኋላ ማክአርተርን የሚቃወም ሰው ጠፋ፤ ቻይና ትገባለች ያሉትም አልተሰሙም። ዲሴምበር ላይ ያው ጦር ከሁንግናም ወደብ እያፈገፈገ በመርከብ ሲወጣ ከ100 ሺህ በላይ ወታደር፣ ከእርሱም ጋር ወደ 100 ሺህ የሚጠጋ ስደተኛ ነበር። ያን ያወጡትም እነዚያው ዶይልና መርከበኞቹ ናቸው።

ብራና

ሚዛን፣ እኔም አንድ ነገር ላርም። ክሩን ስከፍት ቆጣሪዎቹን በጄኔራሉ ላይ አነሣኋቸው፤ አሁን ሳየው ግን ያ ቀን የሠመረው ቶኪዮ ላይ ሁለቱም በአንድ ክፍል ተቀምጠው፣ አንዱ የሌላውን ቃል እስከ መጨረሻው ስላዳመጠ ነው። ወንሳን ላይ ያ ስብሰባ አልተደረገም።

ሌላው የረሳሁት፣ ኢንቾንም ቢሆን ንጹሕ ሥራ አልነበረም። በዚያ ምሽት ዝናብና ጭስ ተቀላቅሎ ጀልባዎች አቅጣጫ ስተው የተሳሳተ ቦታ ሰው አውርደዋል። ስምንት ታንክ አውራጅ መርከቦች ጥይትና ቤንዚን እንደተሸከሙ ሆን ተብሎ ጭቃው ላይ እንዲያድሩ ተደርጓል፤ ከእነርሱ አንዳንዶቹ ሲጠጉ ተኩሰው በስሕተት የራሳቸውን ወገን አንድ ሰው ገድለዋል፣ 23 አቁስለዋል። በቀኑ በሙሉ የሞቱት ማሪኖች ሃያ ገደማ ናቸው።

ጋሼ ቀይባሕር፣ አንድ የመጨረሻ ጥያቄ ልጠይቅዎ። ከሴፕቴምበር 15 ቀጥሎ ጥሩ ሙላት የሚገኘው ኦክቶበር 11 ነው ብዬ ጽፌ ነበር። ለምን በመካከሉ ሌላ ቀን ጠፋ? ሙሉ ጨረቃም ውሃ ያነሣል ሲባል ሰምቻለሁ።

ቀይባሕር

ጥሩ ጠየቅህ። ውሃው በርትቶ የሚነሣው ጨረቃ አዲስ ስትወለድና ስትሞላ ነው፤ ፀሐይና ጨረቃ በአንድ መሥመር ሲሆኑ አብረው ይስቡታል። ጫፉ ላይ የሚደርሰው ደግሞ አንድ ሁለት ቀን፣ አንዳንዴም ሦስት ቀን ዘግይቶ ነው። በዚያ ወር ጨረቃ የተወለደችው ሴፕቴምበር 12፣ በእኛ መስከረም 2 ነበር፤ ሦስት ቀን ስትጨምርበት መስከረም 5 ይመጣልሃል። የሞላችው ሴፕቴምበር 26 ነው፤ በዚያ ሰሞን የሚመጣው ሙላት ግን ለትልልቆቹ መርከቦች የሚበቃ አልነበረም፤ በዓመት ውስጥ ሁሉም ሙላት እኩል አይደለም። ኦክቶበር 11 እንደገና የአዲስ ጨረቃ ቀን ነው።

እኛ ምጽዋ ላይ ይህን የተማርነው ከመጽሐፍ በፊት ከዓሣ አጥማጆች ነው። ጨረቃዋ ቀጭን ስትሆን ገመዱን አላሉት ይሉን ነበር። ሐንወንዝ፣ ወልሚዶ እንደገና ስትሄጂ ጨረቃ ከተወለደች በሦስተኛው ቀን፣ ጎሕ ሳይቀድ ድረሺ። ከጠዋቱ 12 ሰዓት አካባቢ ግንቡ ሥር ቁሚ፤ ስትመለሺ ውሃው የት ድረስ እንደነበር ጻፊልኝ።

ሐንወንዝ

እሺ ጋሼ። የሚቀጥለውን አዲስ ጨረቃ አሁን አየሁት፤ ሦስተኛው ቀን ቅዳሜ ላይ ይውላል። የመጀመሪያውን ባቡር እይዛለሁ፤ ለመንደሩ ሰዎች መታሰቢያ የሚሆን አበባም ይዤ እሄዳለሁ።